ዋሻ ውስጥ የሚወራው በእጅ ነው

ጥቅምት 9 ቀን
ከካምፕ

እታለም፣

ደብዳቤ ያለ ሰላምታ አይነሳምና እንደምን ከረማችሁ? እማዬስ? ልጅሽ ሚጣስ? የስፌት መኪናሽስ? እሷም ከቤተሰብ ናት፤ እንዲያውም ከሁላችንም በላይ የምትሠራ እሷ ናት። እኔ ደህና ነኝ። የድንጋይ አቧራውን አራግፎ ለሚያየኝ መልኬም ያው የድሮው ነው።

ስለ ስልኩ ደጋግመሽ ጠይቀሽኛልና ልመልስልሽ። እዚህ ስልክ ያለው ቢሮ ነው፤ ቢሮው ውስጥ ደግሞ ሰው ሲያወራ አንገቱን አስግጎ የሚያዳምጥ ጸሐፊ አለ። መስመሩም ሲንኮሻኮሽ ነው የሚውለው። "ሃሎ፣ ሃሎ" ሲባባሉ ሰዓቱ ያልቃል። ደብዳቤ ይሻላል። አይቋረጥም፣ ሲናፍቀኝም አውጥቼ ደግሜ አነበዋለሁ። ለእማዬ እንዲህ ብለሽ አስረጃት፤ አንቺ ስትነግሪያት እሺ ትላለች።

ሥራው እንዴት ነው ላልሽው፣ እኔ ያለሁት ግድቡ ላይ ሳይሆን ተራራው ሆድ ውስጥ ነው። ውኃው ወደ ተርባይኖቹ የሚወርድበትን ዋሻ ነው የምንቆፍረው። ግማሾቻችን ከላይ፣ ግማሾቹ ከታች ጀምረን መሃል ላይ ልንገናኝ ነው። እኔ መሰርሰሪያ ይዣለሁ። ይዣለሁ ልበል እንጂ የያዘኝስ እሱ ነው፤ ተኝቼም እጄ ይንቀጠቀጣል። እኛ ድንጋዩን እንበሳለን፣ ባለድማሚቶቹ ቀዳዳውን ይሞሉታል፣ ሳይረን ይነፋል፣ ሁላችንም እንሮጣለን፣ ይፈነዳል፣ አቧራው ሲተኛ ተመልሰን እንገባለን። በቃ ይሄው ነው።

መሰርሰሪያዎቹ ከተነሱ እዚያ ውስጥ ቢጮኹም ሰሚ የለም። ስለዚህ የሚወራው በእጅ ነው። ጡጫ ማሳየት "ቁም" ነው። ሁለት ጣት ዓይን ላይ "ፎርማኑ መጣ"። ሄልሜትን መታ መታ ማድረግ "ውኃ አቀብለኝ"። ሆድ ማሸት ደግሞ "ምሳ ደረሰ"፤ ይቺን የጨመርኳት እኔ ነኝ። ይሄን ቋንቋ እንደኔ የሚያውቀው የለም። አዲስ ሰው ሲቀጠር "ከእሱ ተማር" ብለው ወደኔ ይልኩታል። አስተማሪ ሆንኩልሽ።

ቀጮን ነግሬሻለሁ አይደል፣ አጠገቤ የሚሰረስረው፣ ቀበቶው ወገቡን ሁለቴ የሚዞረው? ባለፈው ሳምንት መሰርሰሪያዎቹ ጠፍተው አረፍ እንዳልን ድንገት ተፈናጥሮ ተነሳና ወደ ዋሻው አፍ ሮጠ። እኔም ዕቃዬን ጥዬ ተከተልኩት። ስደርስ ሁሉም ሆዳቸውን ይዘው ይስቃሉ። ለካ ሊያሾፍብኝ ነው፤ የተነፋ ሳይረን የለም። "ምን ሰምተህ ነው የሮጥከው?" ይለኛል። እኔም ሳቅሁ። ምን ላድርግ፣ አብሬ ሳቅሁ።

ሚጣ ካሴት ላይ ዘፍና ልትልክልኝ ነው ማለትሽ ደስ ብሎኛል። ቀጮ ቴፑን እንዲያውሰኝ ከአሁኑ ነግሬዋለሁ። ዋሻው ሲገናኝ ፈቃድ ይሰጡናል፤ ያኔ እመጣለሁ።

ወንድምሽ


ኅዳር 4 ቀን
ከቤት

ወንድም ዓለም፣

ሰላምታህ ለሁሉም ደርሷል። የስፌት መኪናዋም ደህና ናት፣ ዘይት ብቻ ጠምቷታል።

አሁን ወደ ነገራችን እንምጣ። የጎረቤታችን ልጅ፣ እዚያው እናንተ ጋ አሸዋ የሚያመላልሰው ሾፌር፣ በየእሑዱ ለእናቱ ይደውላል። በየእሑዱ! ባለሱቁ ጋ ይደውላል፣ እናቱ ተጠርታ ትሮጣለች፣ የመንደሩ ሰው ሁሉ ሳቋን ይሰማል። መስመሩ የሚንኮሻኮሸው ላንተ ብቻ ነው እንዴ? እማዬም እሑድ እሑድ ሻርፗን አድርጋ ሱቁ ደጃፍ የለስላሳ ሳጥን ላይ ትቀመጣለች። ስልኩ ሲጮኽ ብድግ ትላለች። "ላንቺ አይደለም፣ እናቴ" ይላታል ባለሱቁ፣ እሱም አፍሮ። "አውቃለሁ፣ እኔ ፀሐይ ልሞቅ ነው የወጣሁት" ትለዋለች። ፀሐይ በሌለበት ቀንም።

ደብዳቤህን አነበብኩላት። ጡጫውንም፣ ሁለት ጣቱንም፣ ሆድ ማሸቱንም በእጄ እያሳየሁ። እንባዋ እስኪወርድ ሳቀች። ስጨርስ ግን ምን አለችኝ መሰለህ፦ "ይሄ ያንቺ ድምፅ ነው። ያንቺንማ ጠዋት ማታ እሰማው የለ? እኔ የእሱን ነው ያልኩሽ።"

ሴት ይዘህ ከሆነ ንገረን፣ አንበላህም። ተቀይመኸን ከሆነም ንገረን፣ ይቅርታ እንጠይቅሃለን፤ ምን እንዳጠፋን ግን አንተው ንገረን። ሰው ያለ ምክንያት ከእናቱ አይሸሽም።

እዚህ መብራቱ እንደ ልማዱ ይጠፋል። እናንተ ግድብ ትሠራላችሁ፣ እኛ በሻማ እንሰፋለን። በቀደም የአንዷን ደንበኛ እጅጌ ገልብጬ ሰፍቼው ሴትዮዋ ክንዷን ማስገቢያ አጣች። ለአንድ አምፖል የሚሆን መብራት እንኳ በኪስህ ደብቀህ አትልክልንም?

እማዬ ደህና ናት። ትንሽ ጉንፋን ይዟት ነበር፣ ለቀቃት። ስለ እሷ አታስብ።

ሚጣ ዘፈኑን እየተለማመደች ነው። መሃሉን ትረሳዋለች፤ ትቆምና ጣሪያ ጣሪያውን ታያለች፣ ከዚያ ትነሳለች። እስኪጠናላት ታገሠን።

አንዲት እሑድ ብቻ ደውል። ባለሱቁም ይረፍ።

እህትህ


ታኅሣሥ 20 ቀን

ወንድሜ፣

ካሴቱን ከጎረቤታችን ልጅ ጋር ልኬልሃለሁ። አዲስ ባትሪ ድንጋይም አብሮት አለ፤ ባትሪ አለቀብኝ የሚል ሰበብ እንዳታመጣ።

ሌላ ነገር አልጽፍልህም። ካሴቱ ላይ ያለችው "አንቺ አስቀድመሽ ምንም እንዳትጽፊ፣ ከእኔው አፍ ይስማው" ብላ አስምላኛለች፤ መሐላዬን እጠብቃለሁ። ብቻህን ሆነህ ስማው። እስከ መጨረሻው ስማው። ሰምተህ ሳትውል ሳታድር መልስ ስጣት፤ በጣም ነው የምትጠብቅህ።

እህትህ


ጥር 5 ቀን
ከካምፕ

እታለም፣

ካሴቱ እጄ ገባ! ብቻህን ስማው ባልሽው መሠረት የቀጮን ቴፕ ይዤ ከድንጋይ መፍጫው ጀርባ ሄድኩ። ከዳር እስከ ዳር ሰማሁት። ሦስቴ ደጋገምኩት።

ሳቄ አላስቀምጥ አለኝ። በተለይ መሃል መሃሉን ረስታ ቆም ስትል! ትቆማለች፣ ይጠፋታል፣ ከዚያ ደግሞ እንደ አዲስ ትነሳለች። መርሳቱን ከአጎትሽ ነው የወረስሽው በያት። ዋናው ድምፅ ነው፤ ድምፅ ደግሞ አላት። ወደ መጨረሻው ዝግ ዝግ ያለችው ደክሟት ይሆናል፤ ሌላ ጊዜ ስትቀዳ አስቀድማ ጠግባ ትብላ። ስመጣ እሷ እየዘፈነች እኔ እጨፍራለሁ። እንዴት እንደምጨፍር ታውቂያለሽ፤ ወንበሮቹን ከአሁኑ ወደ ጓዳ አግቡ።

እማዬን አይዞሽ በያት። የትም አልጠፋም፣ ምን ያስቸኩላታል? ዋሻው ሊገናኝ ትንሽ ነው የቀረው። ከታች የሚመጡት ሰዎች ሲሰረስሩ መዳፋችንን ግድግዳው ላይ ስናሳርፍ ይታወቀናል። እስከዚያ ትጠብቀኝ።

ይሄን ደብዳቤ ጮክ ብለሽ ለሁሉም አንብቢላቸው።

ወንድምሽ


የካቲት 1 ቀን

ሰላምታ የለኝም።

ካሴቱ ላይ ያለችው ሚጣ አይደለችም። እማዬ ናት። ግን ምን እነግርሃለሁ፣ አንተው ሰምተኸው የለ? ከዳር እስከ ዳር። ሦስቴ።

ጉንፋን አልነበረም። ልቧ ደክሞ ሳንባዋ ውኃ ቋጥሮ ነበር። እንዳልነግርህ የከለከለችኝ እሷ ናት፤ "ዋሻ ውስጥ ያለ ሰው ሐሳቡ ከተከፈለ ድንጋይ ይወርድበታል" እያለች። እየባሰባት ሲሄድ ግን "እኔው ራሴ ልንገረው" አለች። ለሚጣ ዘፈን የገዛሁትን ካሴት ለእሷ ሰጠኋት። ቆም ቆም የምትለው ትንፋሽ አጥሯት ነው። አንተ ሳቄ አላስቀምጥ አለኝ ባልክበት ቦታ እኔ ጀርባዋን ደግፌ ይዤ ነበር።

ባለሱቁ የስልኩን ሽቦ አስረዝሞ፣ በመስኮታችን አሳልፎ ትራሷ አጠገብ አስቀመጠላት። ሱቁ ያለ ስልክ ቀረ። በጮኸ ቁጥር "ስኳር ገብቷል ወይ?" የሚሉ ሰዎች ናቸው። እሷ ናት አንስታ "ይቅርታ፣ ዝጉት፣ ልጄ ሊደውል ነው" የምትላቸው።

በስልኩ ፈንታ ደብዳቤህ መጣ። ፊቷ በራ። "አንብቢልኝ" አለች። አንተም ጮክ ብለሽ አንብቢ ብለሃል፣ አይደል? "ካሴቱ እጄ ገባ" የሚለውን አነበብኩ። ከእሱ በታች ያለውን ዓይኔ ቀድሞ አየው። ሳቁን፣ ጭፈራውን፣ ጠግባ ትብላውን። ሁሉም እኔን ያያሉ፤ እሷ፣ ሚጣ፣ ባለሱቁ። ምን አነበብኩላት መሰለህ? "እማዬ ድምፅሽን ሰምቻለሁ፣ መኪና ይዣለሁ፣ መንገድ ላይ ነኝ" ብዬ አነበብኩ። በሕይወቴ እንደዚያ አሳምሬ አንብቤ አላውቅም።

"በይ ስልኩን መልሺለት፣ መንገድ ላይ ያለ ሰው አይደውልም" አለችኝ። ባለሱቁ ሽቦውን ጠቅልሎ ወሰደ። "በሩንም እንዳትቆልፉ" አለች። ያለ ስልክም ያለ ልጅም ሞተች።

የሞተች ዕለት ቢሮአችሁ ደወልኩ። ጸሐፊው በድምፅ ማጉያ አስጠራህ። "በመስኮት ይታየኛል፣ ግን ዞር ብሎም አላየ" አለኝ። እናቱ ሞታለች ብዬ ለመንኩት፤ ደግሞ አስጠራህ። "እምቢ ብሏል፣ እህቴ፣ ምን ላድርግ?" አለኝ። ድምፁ ተሰበረ። የማላውቀው ሰው አዘነልኝ።

ሆድ ለባሰው ማጭድ አታውሰው ይባላል። እኔ እጅ ላይ ያለው መቀስ ነው፤ ሩቅ በመሆንህ ተመስገን በል። ቀብረናታል። ድንጋይ ስትበሳ ስትበሳ ድንጋይ ሆነህ ቀረህ። አትጻፍልኝ።


የካቲት 16 ቀን

እታለም፣

አትጻፍልኝ ብለሻል። ይቺን ብቻ አንብቢና ቅደጃት።

አልሰማሁትም። ሦስቴ አልሰማሁትም። ጆሮዬ አይሰማም፣ እታለም። ግራው ከሄደ ቆየ፤ ቀኙ ባለፈው ክረምት ተከተለው። መጀመሪያ ዝንብ እንደገባበት ይጮኽብኝ ነበር፤ ኋላ ጩኸቱም ቀረ። ስንቀጠር ሰሞን ለጆሯችን ጥጥ ሰጥተውን ነበር። ሲያልቅ ብንጠይቅ "ወንድ አይደላችሁም ወይ?" አሉን።

ሳይረን የማይሰማ ሰው ዋሻ አይገባም፤ ሲያውቁብህ ያን ቀኑን ያባርሩሃል። ግን እዚያ ውስጥ ማን ያውቅብኛል? ሁሉም በእጁ ነው የሚያወራው። እኔ ሁሉንም የበለጥኳቸው ሌላ ቋንቋ ስላልቀረኝ ነው። ነገር በዓይን ይገባል የሚባለውን እንደኔ የኖረው የለም። ሳይረኑን የምሰማው በቀጮ እግር ነበር፤ እሱ ሲሮጥ እሮጣለሁ። ያን ዕለት "ምን ሰምተህ ነው የሮጥከው?" ሲለኝ ከንፈሩን አይቼ ነው የገባኝ። አብሬ ሳቅሁ አልኩሽ እንጂ ዓይኔን ከአፉ አልነቀልኩም ነበር።

ስልኩንም ለዚህ ነው የሸሸሁት። አንስቼ ምን ልበል? እማዬ ስትናገር መልስ ካጣሁ ታውቃለች። ካወቀች ደግሞ ና ትለኛለች፤ ባዶ እጄን፣ ባዶ ጆሮዬን ይዤ ልምጣ?

ካሴቱን ያመጣው ሾፌር ሞተሩን ሳያጠፋ በመስኮት አቀበለኝ። የሆነ ነገር ተናገረ። ፀሐይ ዓይኔ ውስጥ ገብታ አፉ አልታየኝም፤ ዝም ብዬ ራሴን ነቀነቅኩ። አሁን ሳስበው ስለ እማዬ ሳይሆን አይቀርም። ሰው ስማልኝ ማለትም አልቻልኩም። ከድንጋይ መፍጫው ጀርባ ሄጄ ቴፑን ጥርሴ ላይ አስደገፍኩት። ይርገበገባል፣ ይቆማል፣ ደግሞ ይርገበገባል። መሃሉን ትረሳዋለች ብለሽኝ ነበራ! ሚጣ ናት አልኩ። በዚያ ነው የሳቅሁት። እናቴ ጥርሴ ላይ ሆና እየተናገረች እኔ እስቃለሁ።

የደወልሽ ዕለት የድምፅ ማጉያው ምሰሶ ሥር ተቀምጬ የጫማዬን ክር አስር ነበር። ጸሐፊው ነገሩ አልዋጥለት ብሎ ለፎርማኑ ነገረው። ፎርማኑ ከኋላዬ መጥቶ ቆርቆሮ መታ። ይሄን የማውቀው ፊት ለፊቴ የነበረው ቀጮ ፊቱ ሲለዋወጥ ስላየሁ ነው። በማግሥቱ የካምፑ ሐኪም "ይሄ ከልጅነቱ የመጣ ነው" ብሎ ጻፈ። ከልጅነቴ! የእማዬን ኮቴ ከመንገድ ማዶ ሰምቼ የሰረቅሁትን ስኳር ወደ ጣሳው እመልስ የነበርኩ እኔ! በሥራ የደረሰ ጉዳት አይደለም ተባለና አሰናበቱኝ። ለእማዬ ብለሽ እንደደወልሽ አውቃለሁ። ግን አልዋሽሽም፣ አንድ ሁለት ቀን ተቀይሜሻለሁ።

ከወጣሁ በኋላ ዋሻው ተገናኘ አሉ። ቀጮ መጥቶ በእጁ ነገረኝ፤ ሁለት ጡጫ አጋጠመና ጣቶቹን በተነ።

እኛ ሁለታችን ብቻ ስንሆን ካሴቱን ስማልኝ አልኩት። ጀርባውን ሰጥቶኝ ሰማ። ሲጨርስ ምን አለች አልኩት። ዓይኔን ሳያይ ጡጫውን አሳየኝ። ቁም። ሁለቴ ጠየቅሁት፣ ሁለቴም ያው ጡጫ።

ካሴቱን ከባትሪ ድንጋዩ ጋር መልሼልሻለሁ። ቃል በቃል ጻፊልኝ። ሌላ ምንም አልጠይቅሽም። አውቶቡስ ተራው አጠገብ አንዲት የቆርቆሮ ክፍል ውስጥ ነው ያለሁት። ቤት የምመጣበት ፊት የለኝም።

ወንድምሽ


መጋቢት 2 ቀን
ከቤት

ወንድሜ፣

ድንጋይ ያልኩህን መልሼ ውጬዋለሁ፤ ሲወርድም አሞኛል። ያን ቆርቆሮ የመታ እጅ ግን አይባረክ። ሐኪም ተብዬውንም የስኳሩን ነገር ጠርቼ በነገርኩት።

የእኔንም ዕዳ ልናገር። ስልኩን ከትራሷ ያስነሳሁት እኔ ነኝ፤ መንገድ ላይ ነው ብዬ ባላነብላት ኖሮ እዚያው ይቆይ ነበር። ከሥራህ ያስወጣህም የእኔ ስልክ ነው። እኔና አንተ እናታችንን ከወዲያና ከወዲህ ሆነን በውሸት አስታመምናት። አንዳችንም ለክፋት አላደረግነውም፤ እሷን ግን ምን ጠቀማት?

ስትቀዳው አጠገቧ ሆኜ ብሰማውም ካሴቱን ዛሬ እንደ አዲስ ሰማሁት፤ መብራት ስለጠፋ ባንተው ባትሪ ድንጋይ። ከዚያ በፊት ቴፑን መክፈት አቅቶኝ ስንት ጊዜ መለስኩት። የወንድ ልጅ ጡጫ ለሰው ሲያዝን ያየሁት በቀጮ ነው፤ ለምን እንዳልነገረህ ገብቶኛል። እኔም መጀመሪያ አልጽፍልህም ብዬ ነበር። ከዚያ ደግሞ የእናትህ ቃል ነው፣ እኔ ማን ነኝ የምከለክልህ አልኩ። ስታነበው አንድ ነገር ትላለህ፤ እኔም ያንኑ ብዬ ግድግዳውን ስደበድብ ነው የዋልኩት። ከዚያ በኋላ ፊት አለኝ የለኝም ሳትል ና። በሩን እስካሁን አልቆለፍንም። እማማ አትቆልፉ ብላለች ብላ ሚጣ ቁልፉን ደብቃዋለች።

እንዲህ ነው ያለችው፦

"ልጄ፣ እኔ ነኝ። ብዙም የምቆይ አይመስለኝም። እህትህን እንዳትቆጣት፣ አትጻፊ ያልኳት እኔ ነኝ። ና አልልህም፤ ሥራ ነው፣ መንገዱም ሩቅ ነው። ስልኩን ባለሱቁ ትራሴ አጠገብ አድርጎልኛል፣ ይባረክ። ደውልልኝ። መናገር ያደክመኛልና እኔ አልናገርም። አንተ ብቻ አውራ። ከእኔ መልስ አትጠብቅ፣ እሺም አልልህም። ያን ድንጋይ አውራልኝ፣ ያን ቀጮ የምትለውን ልጅ አውራልኝ። ወሬው ሲያልቅብህ ቁጥር ቁጠርልኝ። መስማቷን በምን አውቃለሁ እንዳትል። እየሰማሁህ ነው።"

ካሴቱ ላይ ያለው ቃል ይኸው ነው። የቀረው ትንፋሽ ነው።

እህትህ